ይበል ሕዝብ

ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፣

የተከበራችሁ አዘጋጆች፤

ይህን ደብዳቤ የምጽፍላችሁ በባሕር ዳርና በጣና ዙሪያ ባሉ አጥቢያዎች የምእመናን ዝማሬ ከዓመት ወደ ዓመት እየሳሳ መሄዱ ስላሳሰበኝ ነው። ሰው ከቤተ ክርስቲያን ቀርቷል ማለቴ አይደለም። እንዲያውም እሑድ ጠዋት ቅጥር ግቢው ሞልቶ፣ ከበሩ ውጭ መንገድ ዳር ነጠላውን አጣፍቶ የሚያስቀድሰው ቀላል አይደለም። የቀነሰው የሰዉ ቁጥር ሳይሆን ድምፁ ነው። እኔ አማርኛ ሳስተምር ኖሬ በጡረታ የተገለልኩ፣ በልጅነቴ በሰንበት ትምህርት ቤት ያደግኩ ምእመን ነኝ እንጂ የዜማ ሊቅ አይደለሁም፤ ስለዚህ የምናገረው በአምዱ ሥር ቆሞ ከሚቀበለው ሰው ወገን ሆኜ ነው።

ነገሩን በደንብ ያስተዋልኩት ባለፈው ዓመት ጥር 10 ቀን፣ በከተራ ዕለት ነው። ታቦቱ ከመንበሩ ተነሥቶ ወደ ጥምቀተ ባሕሩ ሲወርድ እኔ ከመዘምራኑ ኋላ፣ ከእናቶች መካከል ነበርኩ። ከፊታችን ድምፅ ማጉያና ጄኔሬተር የጫነች ፒካፕ በእግረኛ ርምጃ ትሄዳለች፤ አንድ ድምፀ መልካም ወጣት ማይክራፎን ይዞ ይመራል፤ ሰንበት ተማሪዎቹ ይቀበሉታል፤ ሕዝቡ ያጨበጭባል። ለጆሮ ሞቅ ያለ ነበር። ከአስፋልቱ ወደ ሐይቁ በሚታጠፈው መንገድ ላይ ስንደርስ ጄኔሬተሩ ሁለት ጊዜ ተንገጫግጮ ቀጥ አለ። ወጣቱ ማይክራፎኑን ዝቅ አድርጎ በባዶ ድምፁ ቀጠለ፤ ቅርቡ ያሉት ጥቂት ረድፎችም ተከተሉት። ከእነርሱ ወዲያ ግን ጭብጨባው ብቻውን ጥቂት ሄዶ ተቆራርጦ ቆመ። አጠገቤ የነበሩ አንዲት እናት አዝማቹን ሁለት ጊዜ ብለው ወደሚቀጥለው የመዝሙሩ ቤት ሲደርሱ ቃሉ ጠፋባቸውና ወደ እኔ ዞር ብለው «ቀጥሎ ምን ነበር የሚለው?» አሉኝ። እኔም አላውቀውም ነበር፤ መዝሙሩ ከወጣ ገና ጥቂት ወራት ቢሆነው ነው። ነዳጅ ተጨምሮ ሞተሩ እስኪነሣ ድረስ ከሩቅ፣ ከታቦቱ ፊት፣ የካህናቱ ከበሮና ጸናጽል ብቻ ይሰማ ነበር። ምንጣፍ የሚያነጥፉት ልጆች ጥቅሉን ተሸክመው ወደ ፊት ሲሮጡ የኮቴያቸው ድምፅ ሳይቀር ደረሰን። ያ ሁሉ ሰው ዝም ብሎ ይራመድ ነበር።

ስለ ጄኔሬተሩ መቆም የምወቅሰው የለኝም፤ ማሽን ነው፣ ይቆማል። ያሳሰበኝ ማሽኑ ሲቆም አብሮ የቆመው ነገር ነው።

ወደ ቤቴ ተመልሼ መጽሐፈ ቅዳሴውን አወጣሁ። መጽሐፉን የሚያውቅ ሰው በየምዕራፉ ዳር ያሉትን አጫጭር ምልክቶች ያውቃቸዋል፤ «ይ.ካ.» ማለት ይበል ካህን፣ «ይ.ዲ.» ማለት ይበል ዲያቆን፣ «ይ.ሕ.» ማለት ይበል ሕዝብ ነው። ቅዳሴ ለመቀደስ ቢያንስ 5 ልዑካን፣ ማለትም 2 ካህናትና 3 ዲያቆናት እንደሚያስፈልጉ ሁላችንም እንሰማለን፤ ነገር ግን በመጽሐፉ ሥርዓት ከልዑካኑ ሌላ የራሱ ድርሻ የተጻፈለት አንድ ወገን አለ፣ እርሱም ሕዝቡ ነው። ዲያቆኑ «ተንሥኡ ለጸሎት» ሲል «እግዚኦ ተሣሃለነ» የሚለው ሕዝቡ ነው። ካህኑ «ሰላም ለኵልክሙ» ሲል «ምስለ መንፈስከ» ብሎ ሰላምታውን የሚመልሰው ሕዝቡ ነው። የጌታ ቃል ተነግሮ ካበቃ በኋላ «ንዜኑ ሞተከ እግዚኦ ወትንሣኤከ ቅድስተ» እያለ ሞቱንና ትንሣኤውን የሚመሰክረውም ሕዝቡ ነው። ይህ ተሰጥኦ፣ ማለትም የሕዝቡ ምላሽ፣ ለማስዋብ የገባ ዜማ አይደለም፤ የንግግር መልስ ነው። ሰላም ያለንን ሰው ሰላምታ በድምፅ ማጉያ በኩል ሌላ ሰው እንዲመልስልን ብናደርግ በመንገድ ላይ እንኳ ነውር ይሆንብን ነበር።

ዛሬ በብዙ ቦታ የማየው ግን ይህንኑ ነው። አጥቢያውን አልጠራም፤ ከአንድ በላይ ስለሆነም አንዱን መለየት ፍርድ ማጉደል ይሆናል። አንድ ወይም ሁለት ሰንበት ተማሪዎች በማይክራፎን ፊት ቆመው የሕዝቡን ተሰጥኦ ይመልሳሉ፤ ድምፃቸው በየአምዱ ላይ በተሰቀለው ማጉያ ይወጣል፤ ሕዝቡም ከበላዩ የሚወርደውን ድምፅ ያዳምጣል። መጀመሪያ ይህ የተደረገው በቅን ልቦና መሆኑን አልጠራጠርም፤ በውጭ የቆመው ሰው እንዲሰማና እንዲከተል ታስቦ ነው። ነገር ግን የራሱን ድምፅ የማይሰማ ሰው ጥቂት ይሞክርና ይተወዋል። አጠገቡ ያለውን ሰው ድምፅ የማይሰማም እንዲሁ ነው፤ ምክንያቱም አብዛኛው ሰው የሚዘምረው በአጠገቡ ካለው ሰው ድምፅ ላይ ተደግፎ ነው። እኔ ራሴ ቃሉን ሳልይዝ ስንት ዓመት የአንድ ጎረቤቴን አፍ እያየሁ ስቀበል ኖሬአለሁ።

እዚህ ላይ «ማዳመጥም እኮ አምልኮ ነው» የሚሉኝ ወዳጆች አሉ። ልክ ናቸው። ቅዱስ ያሬድ በ6ኛው ክፍለ ዘመን በአፄ ገብረ መስቀል ፊት ሲዘምር ንጉሡ በተመስጦ የያዙትን ጦር በእግሩ ላይ እንደተከሉና ሁለቱም ሳያውቁት ደሙ እንደፈሰሰ የሚናገረውን ታሪክ በየአብያተ ክርስቲያናቱ ግድግዳ ላይ ተሥሎ ያላየ የለም። ንጉሡ አዳመጡ እንጂ አልተቀበሉም። እኛም ማኅሌት ሲቆም፣ ሊቃውንቱ ከቁም ዜማ ተነሥተው በዝማሜው፣ በመረግዱና በጽፋቱ ሲሄዱ ቆመን ማዳመጥ ድርሻችን ነው፤ ያ ዓመታት የፈጀ ትምህርት የሚጠይቅ ነገር ነው። ለድጓ፣ ለያሬድ የዜማ መጽሐፍ፣ ምስክርነት ወደ ጋይንት ቤተልሔም፣ ለዝማሬ መዋሥዕት ወደ ዙር አምባ የሚወርደው ተማሪ አኩፋዳውን ተሸክሞ፣ ከውሻ ጋር እየታገለ፣ ቁራሽ እየለመነ የተማረውን እኔ እሑድ ጠዋት ብቻ ብቅ ብዬ ልቀበለው አልችልም። ተሰጥኦና የሕዝብ መዝሙር ግን ከዚህ የተለዩ ናቸው። ማኅሌቱ የሊቃውንቱ መሆኑ ተሰጥኦውን ከእኛ አይወስድብንም፤ ግራ መጋባቱ የመጣው ሁለቱን አንድ አድርገን፣ የዘማሪ መዝሙር ሁሉ እንደ ማኅሌት ቆመን የምናዳምጠው ነገር ስላደረግነው ይመስለኛል።

ቀጥሎ የማነሣው የድምፅ ከፍታን ነገር ነው፤ ስለዚህ ሲጻፍ አላየሁም። አዲሶቹ መዝሙሮች ብዙውን ጊዜ ለአንድ ሰው ድምፅ የተሠሩ ናቸው። ዘማሪው ተሰጥኦ ያለው (እዚህ ላይ ቃሉን በሌላው ትርጉሙ መውሰዴ ነው)፣ በስቱዲዮ የተለማመደ፣ ድምፁን ከታች አንሥቶ እስከ ላይ የሚያወጣ ነው። መዝሙሩ በቴሌግራምና በዩቲዩብ ይደርሰናል፤ ሰንበት ተማሪዎቹ በዚያው ከፍታ ያጠኑታል፤ በዐውደ ምሕረትም በዚያው ከፍታ ያቀርቡታል። ስድሳ ዓመት ያለፋቸው አባት እዚያ ላይ መድረስ አይችሉም፤ ከሥር ልያዘው ቢሉም ድምፃቸው ጉርምርምታ ብቻ ይሆናል። በእኛ ጽዋ ማኅበር አንድ ጊዜ ይህንኑ ሞከርነው። በወሩ 21 ቀን በአንድ ቤት ተሰብስበን ሳለ አንዲት ልጅ ከስልኳ የሰማችውን መዝሙር ጀመረች፤ እናቶቹ ሁለት መስመር ሄደው ተዉት። ልጅቷ ጨዋ ናትና «እትዬ፣ እርስዎ በሚችሉት ይጀምሩት» ብላ ለአንዲት አዛውንት ለቀቀችላቸው። እርሳቸው ያንኑ መዝሙር በጣም ዝቅ አድርገው ጀመሩትና ቤቱ በሙሉ ተቀበለ። የተለወጠው መነሻው ብቻ ነበር። ከዚያ ቀን በኋላ እኔ የአንድ መዝሙር መሪ ጥሩነቱን የምመዝነው በራሱ ድምፅ ማማር ሳይሆን በጀመረበት ከፍታ ነው። ይህ ለዲያቆናትም የሚሠራ ነው፤ ዲያቆኑ ወጣት ሆኖ ድምፁን ሰቅሎ ከጀመረ ሕዝቡ በዚያው መቀበል ስላለበት ተሰጥኦው ገና ከመነሻው ይሰበራል።

ዜማው ራሱም ቢሆን ለሕዝብ የሚመች መሆኑና አለመሆኑ ይለያል። አባቶቻችን ከሦስቱ የዜማ ዓይነቶች፣ ከግዕዝ፣ ከዕዝልና ከአራራይ ውጭ አልወጡም፤ ሕዝቡ በየሠርጉና በየልቅሶው ያደገበት ቅኝትም ባለ 5 ድምፅ ስለሆነ በእነዚህ ላይ የተሠራን መዝሙር ሳያጠናው ይይዘዋል። ኪቦርድ የገባበት መዝሙር አንዳንዴ ድምፁ በማናውቀው በኩል ይሾልካል፤ ያኔ ጆሮ ይደሰት ይሆናል እንጂ አፍ አይከተልም። መሣሪያውን ለማውገዝ አይደለም፤ ያ የአባቶች ጉዳይ ነው።

የቃሉ ነገርም አለ፤ መቼስ የአማርኛ መምህር ስለሆንኩ ይህን ሳልናገር አላልፍም። ሰው የማያውቀውን ቃል በድፍረት አይዘምርም፤ ያጉረመርማል። «እግዚኦ ተሣሃለነ» የሚለውን ልብ ብላችሁ ብትሰሙ፣ ከአሥሩ ሰው የሚበዛው «ሃ»ን ውጦ «ተሳለነ» ነው የሚለው። «ተሣሃለነ» ማለት ይቅር በለን፣ ማረን ማለት ነው። «ሃ»ን ከዋጥናት በኋላ የቀረው ቃል ግን ለአማርኛ ጆሮ ከቢላዋ መሳል ወይም ከስለት በቀር ሌላ አይመስልም። እግዚአብሔር ልባችንን ስለሚያይ በዚህ አይቀየመንም፤ ነገር ግን አንድ ጊዜ ትርጉሙ የተነገረው ሰው «ሃ»ን ዳግመኛ አይውጣትም፤ በክፍል ውስጥም ያየሁት ይህንኑ ነው። ሊቃውንቱ ለራሳቸው ዜማ ምን ያህል እንደተጨነቁ ብናይ እናፍራለን፤ በ16ኛው ክፍለ ዘመን በአፄ ገላውዴዎስ ዘመን አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል ዜማው እንዳይጠፋ በቃሉ ላይ ምልክት እስከ መጻፍ ደርሰዋል። ለሕዝቡ ተሰጥኦ እንዲህ ያለ ድካም አያስፈልግም። የሚበዛው ተሰጥኦ በአንድ ቅጠል ወረቀት ፊትና ጀርባ ይጠቃለላል፤ እኔ በእጄ ገልብጬ፣ ከሥሩ የአማርኛ ፍቺውን ጽፌ ሞክሬዋለሁና እርግጠኛ ነኝ።

ሕዝብ ሲዘምር ምን እንደሚመስል ለመስማት የሚፈልግ ሰው ካለ በየካቲት 16 ቀን፣ ለኪዳነ ምሕረት ክብረ በዓል ከባሕር ዳር ወደ ዘጌ፣ ወደ ዑራ ኪዳነ ምሕረት በሚሄደው ጀልባ ይሳፈር። አንድ ሰዓት ያህል ያስኬዳል። እናቶቹ በነጭ ነጠላቸው ላይ ያንን ብርቱካናማ የሕይወት አድን ሰደርያ ደርበው በሁለቱም ወገን ባለው አግዳሚ ላይ ይደረደራሉ፤ ሞተሩ ከኋላ ያጓራል። ጀልባው የደብረ ማርያምን ደሴት ሳያልፍ መዝሙሩ ይነሣል። መሪ ተብሎ የተመረጠ ሰው የለም። አዝማቹ አጭር ነው፣ ሁሉም ያውቀዋል፤ ቤቱን የሚያወርደው ግን የመጣለት ሰው ነው፤ አንዷ አንድ ቤት አውርዳ ስትጨርስ ከወዲያኛው አግዳሚ ሌላዋ ትቀበላታለች፤ የሚያውቅ ከጠፋ አዝማቹ ሁለት ሦስት ጊዜ ይመላለሳል፤ እስከዚያ አንዱ ሰው አንድ ቤት ያስታውሳል። ሲጀመር ጥቂት ይዋዥቃል፤ ኋላ ግን ሁሉም ድምፁን በሞተሩ ጉርምርምታ ላይ ያሳርፈውና አንድ ይሆናል። አንድ ጊዜ ከእኛ ፊት በደንገል ታንኳ ላይ የነበረ አንድ ዓሣ አጥማጅ ቀዘፋውን አቁሞ፣ ባርኔጣውን አውልቆ ከእኛ ጋር ሲቀበል አይቼዋለሁ፤ ድምፁ አልደረሰንም፤ አፉ ሲንቀሳቀስ ግን ይታይ ነበር። እነዚሁ እናቶች ናቸው በሚቀጥለው እሑድ በከተማው አጥቢያቸው በማጉያው ሥር ዝም ብለው የሚቆሙት።

ስለዚህ የምጠይቀው ትልቅ ነገር አይደለም። አጥቢያዎች ማይክራፎኑን ለካህኑና ለዲያቆኑ ትተው ከሕዝቡ ተሰጥኦ ላይ ያንሡት። መሪ የሚሆኑት ሰንበት ተማሪዎች ከማጉያው ፊት ተነሥተው በሕዝቡ መካከል፣ በወንዶችም በሴቶችም በኩል ተበትነው ይቁሙ፤ አንድ ቃሉን የሚያውቅ ልጅ በዙሪያው ያሉትን አሥር ሰዎች ይዞ ይሄዳል። ለማስተማሪያ የሚሆን ጊዜ የለም ለሚሉኝ ደግሞ ዐቢይ ጾምን እጠቁማለሁ። በ55ቱ የጾም ቀናት፣ ከቅዳሜና እሑድ በቀር፣ ቅዳሴው በአብዛኛው የሚገባው ከቀትር በኋላ ስለሆነ ብዙ ሰው ከ6 ሰዓት ጀምሮ በየዛፉ ጥላ ተቀምጦ ይጠብቃል፤ ከበሮና ጸናጽልም የማይመታበት ወቅት ስለሆነ የሰው ድምፅ ብቻውን ይሰማል። ከዚያ ጥበቃ ላይ ግማሽ ሰዓት ተወስዶ፣ በቀን አንድ ተሰጥኦ ከነፍቺው ቢጠና፣ ሆሳዕና ሳይደርስ ሕዝቡ ሁሉንም ይጨርሰዋል። ፍልሰታም ሲገባ ልጆች እንደ ንብ ስለሚጎርፉ በእነዚያ ቀናት የልጆቹን ክፍል ለብቻ መያዝ ይቻላል። አንዳንድ አባቶች ከሰሞነኞች፣ በየሳምንቱ ተራ ገብተው ከሚያገለግሉት፣ እጥረት የተነሣ ይህ ተጨማሪ ሸክም እንደሚሆንባቸው አጫውተውኛል፤ እውነት አላቸው። ሆኖም ይህን ለማስተማር መሪጌታ መሆን አይጠይቅም፤ ቃሉን አጥርቶ የሚያነብ አንድ ሰንበት ተማሪና አንድ ቅጠል ወረቀት ይበቃል።

አዳዲስ መዝሙር አይውጣ አልልም። የሚወጣው በየወሩ ስለሆነ አንዱን ሳንይዘው ሌላው ይተካዋል፤ እኔ የምለው ለዐውደ ምሕረት የሚሆን አዲስ መዝሙርና ለመንገድ የሚሆን የሕዝብ መዝሙር ይለዩ ነው። ለመንገድ የሚሆኑት አምስት ወይም ስድስት ቢሆኑ፣ እነርሱም በየዓመቱ ባይለወጡ፣ የዛሬው የ7 ዓመት ልጅ በ70 ዓመቱም ያንኑ እየዘመረ ታቦቱን ይሸኛል።

ለመጪው ከተራ አስተባባሪዎች አንድ ልመና አለኝ። ከአስፋልቱ መታጠፊያ እስከ ሐይቁ ያለው መንገድ በታቦት ጉዞ እንኳ ከሩብ ሰዓት ብዙ አያልፍም። ለዚያች ሩብ ሰዓት ፒካፗ ወደ ኋላ ትቅር፤ አያቶቻችን የሚያውቁት፣ አዝማቹ አጭር የሆነ አንድ መዝሙር ይመረጥ፤ መሪውም ዝቅ አድርጎ ይጀምረው።

ከአክብሮት ጋር፣
ጡረታ የወጣ የአማርኛ መምህር፣
ከባሕር ዳር